ኅዳር ስድስት፣ ዓርብ፣ ዘጠኝ ሰዓት ላይ

ጥቅምት 20፣ ረቡዕ

ይህን ላንቺ ብቻ ነው የምነግርሽ። ደብተር ነሽና አፍ የለሽም። ዛሬ ጠዋት፣ ትናንት ከሥራ የታገድኩት ሴትዮ፣ የኮሌጁን ሰርቪስ ተሳፍሬ ሥራ ሄድኩ።

እግሬ ነው የወሰደኝ። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ በአንድ ሰዓት ከሩብ ቁስቋም መታጠፊያው ላይ መቆም የለመደ እግር፣ የእግድ ደብዳቤ አያነብም። ገባሁ፤ ሦስተኛው ረድፍ፣ በመስኮቱ በኩል፣ ከዘወትር ቦታዬ ቁጭ አልኩና «እንዴት አደራችሁ?» አልኩ። ሁሉም ጸጥ። እኔ ደግሞ እንቅልፍ ያልለቀቃቸው መስሎኛል! በሩ ላይ ስንደርስ ጥበቃው ወረቀት ይዞ ወጣና ጆሮዬ አጠገብ አጎንብሶ «እህቴ ዓይናዲስ፣ ይቅርታ፤ እንዳትገባ ተብሏል» አለኝ። ምሳ ዕቃዬን ታቅፌ ወረድኩ። ሰርቪሱ ወደ ውስጥ ሲገባ በመስኮት የማያየኝ ሰው አልነበረም። ሽሮው ፈስሶ ቀሚሴን አበላሸው።

ደብዳቤው እንዲህ ይላል፦ «የተመራቂ አምሳል ሰጠኝን የግል ፋይል ከመዝገብ ቤት በማጥፋት ስለተጠረጠርሽ፣ የዲሲፕሊን ኮሚቴው አጣርቶ እስኪወስን ድረስ ከሥራ ታግደሻል።»

ማጥፋት! ሦስት ሺህ ፋይል በእጄ አልፏል። አይጥ የቆረጠመው ቢኖር እንኳ የቆረጠመችውን አይጥ ለይቼ አውቃታለሁ። አንድ ሰው ብቅ ብሎ «ዓይናዲስ፣ ይህ ፋይል የት ነው?» ቢለኝ ምን ነበረበት? መጠየቅ ያስቀጣል?

ፋይሉ የትም አልሄደም። ይመጣል።

ለነገሩ አንቺም ጀርባሽ ላይ የኮሌጁ ማኅተም አለብሽ፤ አምና ከፈተና የተረፍሽ ነሽ። ካሻቸው ይህንንም ይጻፉብኝ።


ጥቅምት 22፣ ዓርብ

አዲ አርቃይ የምደውልበት ስልክ ዛሬም አይሠራም። «የደወሉላቸው ደንበኛ…» ትለኛለች ያቺ ሴትዮ በዚያ በተለሳለሰ ድምጿ። እሷንም ጠላኋት።


ጥቅምት 24፣ እሑድ

ከፈተና ክፍል የትነበርሽ መጣች። አንድ የቀረችኝ ጓደኛ እሷ ናት። ሌሎቹ ፒያሳ ሲያዩኝ የሱቅ መስታወት ማየት ይወዳሉ።

«ስሚ» አለችኝ ገና ነጠላዋን ሳታወርድ፤ «እንዳልካቸው ሻይ ቤት ውስጥ ምን አለ መሰለሽ? ‹ፋይል ያጠፋች ሴት ምን ትጠየቃለች? መልሷ ፋይሉ ነው› አለ። ሰዉ ሁሉ ሳቀ።»

እንዳልካቸው የሰው ኃይል ኃላፊያችን ነው። ከሌላ አገር ተዛውሮ ከመጣ ገና ዓመቱ ነው፤ የክራቫቱን ቋጠሮ እንጂ የሠራተኛውን ስም በወጉ አያውቅም። የዲሲፕሊን ኮሚቴው ሰብሳቢም እሱ። ጸሐፊው የንብረት ክፍሉ አያ ማሩ ናቸው፤ ሠላሳ ዓመት ያገለገሉ፣ ኮሌጁ ሲመሠረት ወንበር የተሸከሙ ሰው። ሦስተኛዋ አባል ወልዳ ተኝታለች። እንግዲህ ኮሚቴ ማለት ይኸው ነው፤ አንድ ክራቫት፣ አንድ ሽማግሌ፣ አንድ አራስ።

«አያ ማሩ እያሉማ ግፍ አይሠራም» አልኳት።

«እሱስ ልክ ነሽ።» ነጠላዋን አጣጥፋ አስቀመጠችና፣ «ለመሆኑ ግን ፋይሉ የት ሄዶ ነው?»

ሻይ ላምጣልሽ ብዬ ተነሣሁ።


ጥቅምት 29፣ ዓርብ

ጥሪ የለም። ጥያቄ የለም። ስልኩም የለም። የአዲ አርቃይ መንገድ ተዘግቷል ይላሉ፤ ኔትወርኩም አብሮ።

እናቴ፦ «እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል፣ ልጄ።»

እኔ፦ «የኔ ንጋት መንገድ ተዘግቶበት ነው፣ እማዬ።»

በዚያን ቀን መብራት ባይጠፋ ኖሮ። ተይው።


ኅዳር 6፣ ዓርብ

ሸጋ ቀን ዋልኩ። ደግሞ ሸጋ ቀን መዋል ምን ያሳፍራል!

የሰፈራችን ታቦት ቁስቋም ወጥታ ገባች። እማዬ ማኅበሯ ላዘጋጀው ድንኳን ሁለት እንስራ ጠላ ጥላ ነበር፤ እኔ ሥራ ፈት ነኝና ቀጂ ተደረግሁ። አያ ማሩ እንደየዓመቱ ከሥራ አስፈቅደው ቀርተዋል፤ ታቦቷ ፊት ጃንጥላ ይዘው ሲሄዱ እንኳን የኮሌጅ ሠራተኛ፣ የንጉሥ ባለሟል ነው የሚመስሉት።

ድንኳን ውስጥ ሲቀመጡ ዋንጫና ማንቆርቆሪያ ይዤ ቀረብኩ። እጃቸውን አነሡ። «ዓርብ አይደለም ወይ? ስንት ሰዓት ነው?»

«ለዘጠኝ አምስት ጉዳይ።»

«እንግዲያስ ቁሚ።»

«ኧረ አያ ማሩ፣ አምስት ደቂቃ ማን ያያል?»

«የምታየኝ አለች» አሉኝ በአገጫቸው ወደ ቤተ ክርስቲያኑ እየጠቆሙ። ሰው ሳቀ። ማንቆርቆሪያዬን ይዤ፣ እሳቸው የእጅ ሰዓታቸውን ይዘው፣ ሁለታችንም እንደ ሐውልት ቆምን። ልክ ዘጠኝ ሲል «አሁን ቅጂ!» አሉ።

እየቀዳሁ በቀስታ ጠየቅኋቸው። «የኔ ነገር ምን ደረሰ?»

ዓይናቸውን ሰበር አደረጉ። «ገና አልተሰበሰብንም፣ ልጄ። ስንሰበሰብ ትጠሪያለሽ። አንቺ ሳትሰሚ የሚሆን ነገር የለም።»

ሰማሽ? ሳልሰማ የሚሆን ነገር የለም። ዛሬ እንቅልፍ ይወስደኛል።


ኅዳር 17፣ ማክሰኞ

አባረሩኝ።


ኅዳር 17፣ ማታ

ንዴቴ ሲበርድ ልጻፈው ብዬ ነበር። አልበረደም፤ በቁጣው ልጻፈው።

የስንብት ደብዳቤው ላይ ቃል በቃል እንዲህ አለ፦ «ኅዳር 6 ቀን 2017 ዓ.ም ከቀኑ 9፡00 ሰዓት በኮሚቴው ፊት ቀርበሽ ፋይሉን ማጥፋትሽን በማመንሽና የምትከላከዪው ነገር እንደሌለሽ በመግለጽሽ…»

በማመኔ! በመግለጼ! እኔ በዚያች ደቂቃ የገለጽኩት ነገር ቢኖር ጠላው ጌሾ እንደበዛበት ነው! «ሳይጠሯት አቤት፣ ሳይልኳት ወዴት» ሲባል ሰምቻለሁ፤ ሳይጠሯት ቀርባ፣ ሳይጠይቋት አምና፣ ሳትሰማ የተሰናበተች ግን የመጀመሪያዋ ሳልሆን አልቀርም። ሰው በሌለበት ይፈረድበታል፤ እሺ። በሌለበት እንዴት አድርጎ ያምናል?

የትነበርሽ ቃለ ጉባኤውን በስልኳ አንስታ አመጣችልኝ። ከሥር ሁለት ፊርማ አለ። አንደኛው የእንዳልካቸው፣ እንደ ዶሮ ጭረት። ሁለተኛው ያ ሁሌም የማውቀው፣ የቁም ጽሕፈት የመሰለ፣ ፊደሉ ተለቅሞ የሚቆጠር ፊርማ።

አያ ማሩ።

ሌላውን ሁሉ እችለዋለሁ። እሳቸውን ግን ምን ላድርጋቸው?


ኅዳር 18፣ ረቡዕ

ፍርድ ቤቱ በር ላይ ጃንጥላ ሥር ተቀምጦ ማመልከቻ የሚጽፍ መዝሙር የሚባል ሰው አለ። ቀድሞ የችሎት ጸሐፊ ነበር፤ ሕጉን ከብዙ ጠበቃ ይልቅ ያውቀዋል ይላሉ። ወረቀቴን አነበበ፤ ያን ቀን እኔና አያ ማሩ የት እንደነበርን ስነግረው ሳቀ። ልሰድበው ምንም አልቀረኝም።

«አትቆጪ፣ እህቴ። የሣቅሁት በሰውዬው ነው። የእግድሽ ጊዜ ሊያልቅበት ሆነ፤ አንቺን ጠርቶ መስማት ሰነፈ፤ ካላንደር ገለጠና ደስ ያለውን ቀን ጻፈ። ጎንደር የተወለደ ቢሆን ከዓመቱ ቀን ሁሉ መርጦ ኅዳር 6ን ይጽፋል? በቁስቋም ቀን ያ ሽማግሌ ቢሮ ሊገኝ?»

«ታዲያ አሸንፋለሁ?»

«ፍርድ ቤቱ አጥፍተሻል ወይም አላጠፋሽም አይልሽም። ኮሚቴው በደንቡ ሄዷል ወይ? ቃልሽን ሰምቷል ወይ? እሱን ነው የሚመረምረው። ግን አንድ ሰው ቆሞ ‹አልተሰበሰብንም› ማለት አለበት። ያም ሰው አንድ ብቻ ነው።» ብዕሩን አነሣ። «ፋይሉስ? ከጠየቁሽ ምን ትያለሽ?»

«ፋይሉን ተወውና የተደረገብኝን ግፍ ጻፍ!» አልኩት። ድምፄ ትንሽ ከፍ አለ መሰለኝ፤ የወረፋው ሰው ዞሮ አየኝ።


ኅዳር 20፣ ዓርብ

አያ ማሩ ቤት ሄድኩ። ደጃቸው ላይ ተቀምጠው የጃንጥላውን ዘርፍ ይጠግናሉ። ቀና አላሉም።

«እንዲህም ይደረጋል፣ አያ ማሩ?»

«ሰኞ እንዳልካቸው ቃለ ጉባኤውን ቢሮዬ አመጣልኝ። ‹ለፎርማሊቲ ነው፣ ይፈርሙ› አለኝ። መነጽሬን አላደረግሁም ነበር።»

«ሠላሳ ዓመት ሳያነቡ የፈረሙት ወረቀት አለ?»

«የለም።» መርፌው ጣታቸውን ወጋቸው። «ጡረታዬ ሦስት ወር ቀርቶታል፣ ዓይናዲስ። ሰውዬው አስቸግሮኛል።»

«እንግዲያው ፍርድ ቤት መጥተው የት እንደነበሩ ይንገሩልኝ።»

«የታቦቷን ቀን ለሰው ሙግት ማስረጃ ላድርጋት? ‹ጃንጥላዋን ይዤ ነበር› ብዬ ችሎት ፊት ልማል? አላደርገውም፣ ልጄ። ነውር ነው።»

«ነውሩ እሱ ነው? በስሟ ቀን ውሸት መጻፉ ምን ሊባል ነው?»

ወደ መርፌያቸው አጎነበሱ። ወጣሁ። መንገድ ላይ አለቀስኩ፤ ከኀዘን ይልቅ ከንዴት። ሰው እንዴት ጾሙን በደቂቃ እየቆጠረ ፊርማውን እንዲህ በቀላሉ ይሰጣል!

ስልኩ አልሠራም።


ታኅሣሥ 8፣ ማክሰኞ

ችሎት። ዳኛዋ ወጣት ናት፤ ድምፅዋ ዝቅ ያለ፤ አሥር ጊዜ «ቀስ ብለሽ» አለችኝ።

የኮሌጁ ነገረፈጅ ተነሥቶ «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ፋይሉ የለም፣ ኃላፊዋ እሷ ናት፤ ፍርድ ቤቱ ራሱን በኮሚቴው ቦታ ሊተካ አይገባም» አለ።

«አንተካም» አለች ዳኛዋ። «ኮሚቴው በቦታው ነበር ወይ? የምንጠይቀው እሱን ነው።»

ሳቄ አመለጠኝ፤ በዓይኗ ቀጣችኝ። ጸሐፊው አቶ ማሩ በመጥሪያ እንዲቀርቡ አዘዘች።

አሁን ሳስበው ግን ደሜ ይፈላል። እኔ የመጣሁት ስሜን ልወስድ ነው። ከተማው ሁሉ «ፋይል አጥፊዋ» ይለኛል፤ እሷ ስለ ወረቀት አካሄድ ትጨነቃለች። «ንጹሕ ናት» የምትል አንዲት ቃል ለምን አትወጣትም?


ታኅሣሥ 24፣ ሐሙስ

አያ ማሩ ቀረቡ። ነጭ ጋቢያቸውን ለብሰው። እኔ ላይ ዓይናቸውን አላሳረፉም። እንዳልካቸው ከኋላዬ ተቀምጦ ብዕሩን ጠቅ ጠቅ ያደርጋል።

«ኅዳር 6 ቀን ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት የት ነበሩ?» አለች ዳኛዋ።

አያ ማሩ የእጅ ሰዓታቸውን ነኩ።

ነገረፈጁ «ፊርማቸው እዚያ ላይ አለ፤ ሌላ ምን ያስፈልጋል?» አለ።

«አቶ ማሩ?»

«ቁስቋም» አሉ። ብዕሩ ቆመ።

«ሰዓቱን በምን ያስታውሱታል?»

«ዓርብ ነበር፣ የኔ እመቤት። ጾም ነው። ዘጠኝ እስኪሞላ ሰዓቴን እያየሁ ነበር። ሲሞላ ጠላውን የቀዳችልኝ ይህቺ ልጅ ናት።»

ዳኛዋ ከንፈሯን ነከሰች፤ ሣቅ ይሁን ሌላ እንጃ። «ታዲያ ይህ ፊርማ የማን ነው?»

«የኔ ነው። ሰኞ፣ ኅዳር 16፣ ቢሮዬ መጥቶልኝ ፈረምኩ። አልተሰበሰብንም። አልጠራናትም። ምንም አላመነችም። ያላየሁትን አይቻለሁ ብዬ ፈርሜያለሁ፤ ሰውዬው ቢያመጣም እጁ የኔ ነው። በዚያ ቀን ተዋሽቶ ዝም ብል ከታቦቷ ፊት ዳግመኛ ጃንጥላ አልይዝም።»

እንዳልካቸው ወጥቶ ሄደ። ወንበሩ ሲንኳኳ ሰማሁት። ደስ አለኝ? አዎ፣ ደስ አለኝ።

ከዚያ ዳኛዋ ወደ እኔ ዞረች። «ወይዘሪት ዓይናዲስ፣ ስለ ፋይሉ እስከ ዛሬ ቃልሽን የጠየቀሽ አካል አለ?»

«የለም፣ ክብርት ዳኛ! አንድም!»

ጮክ ብዬ ነው ያልኩት። ወዲያው ግን ሌላ ጥያቄ ትጨምራለች ብዬ ፈራሁ። አልጨመረችም። ውጭ አያ ማሩ አጠገቤ መጡ። «ቀለለኝ» አሉ። «ፋይሉስ?»

«ይመጣል» አልኳቸው። ረጅም ጊዜ አዩኝ፤ ጋቢያቸውን ሰብስበው ሄዱ።

እንግዲህ ልጻፈው። አንቺ አፍ የለሽም።

ጥቅምት 8፣ ዓርብ፣ መብራት ከጠፋ ሦስተኛ ቀኑ ነበር። የአምሳል አባት አያ ሰጠኝ ከአዲ አርቃይ ሁለት ቀን ተጉዘው መጡ። ልጃቸው ሥራ አግኝታ የሰነድ ግልባጭ ተጠይቃለች። የኛ ኮፒ ማሽን ሞቷል። «ጄኔሬተር ያለው ቤት አስፋልቱ ዳር አለ፤ አስገልብጠው ይመልሱልኝ» ብዬ ፋይሉን እንዳለ ሰጠኋቸው። ፋይል ሲወጣ በሚሰፍርበት የወጪ መዝገብ ላይ አላሰፈርኩም። ለሩብ ሰዓት ነው ብዬ ነው። መብራት ሲጠፋ ሁላችንም እንዲህ እናደርጋለን። አልተመለሱም። ከሰዓት በኋላ መንገዱ ሊዘጋ ነው ተባለ፤ መኪኖቹ ሁሉ ወጡ። ከዚያ ወዲህ ያው ስልኩ ነው።

ሁላችንም እንዲህ እናደርጋለን። ይህን ሁለት ጊዜ ጻፍኩት?


ጥር 5፣ ሰኞ

ውሳኔ። ቃለ ጉባኤው ውድቅ። ስንብቱ ተሰረዘ። ወደ ሥራዬ እመለሳለሁ። ኮሚቴው በሌላ ሰብሳቢ ተዋቅሮ፣ ጠርቶኝ፣ ቃሌን ሰምቶ እንደገና ያጣራ።

«እንደገና?» አልኩ ከመቀመጫዬ ተነሥቼ። «እነሱ ዋሽተው እኔ እንደገና?»

«ያልተሰማ ሰው ይሰማ ነው የተባለው» አለች ዳኛዋ። «የጠየቅሽው እሱን አልነበረም?»

እማዬ እልል አለች፤ ጎረቤት ተሰበሰበ። እኔ አንዲት «ንጹሕ ናት» የምትል ቃል ፈልጌ ውሳኔውን ሦስት ጊዜ አነበብኩት። የለችም።


ጥር 8፣ ሐሙስ

ለጥምቀት መንገዱ ተከፈተ። ማለዳ በር ተንኳኳ። አያ ሰጠኝ! ፋይሉን በፌስታል፣ ፌስታሉን በማዳበሪያ ጆንያ፣ ጆንያውን በገመድ ጠቅልለው።

«ምነው ዓይናዲስ፣ ከሳሽ? እኔማ ላደርስልሽ ስሮጥ ሹፌሩ ‹አሁን ካልወጣን ቀረን› አለኝ። ሦስት ወር ከራሴ ሥር አድርጌ ነው የተኛሁት። አንድም ቅጠል አልጎደለ፤ ቁጠሪው።»

ቆጠርኩት። አልጎደለም። ስለ እግዱ አልነገርኳቸውም። ምን ብዬ? ምሳ አብልቼ ሸኘኋቸው።


ጥር 14፣ ረቡዕ

ሰኞ በሰርቪስ ገባሁ። ሦስተኛው ረድፍ ባዶ ነበር፤ ማንም አልተቀመጠበትም። ጥበቃው ተነሥቶ በሁለት እጁ ጨበጠኝ። እንዳልካቸው ከኮሚቴው ተነሥቷል፤ ኮሪደር ላይ ስንገናኝ ስልኩን ያያል። አያ ማሩ ግን የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ተሰጥቷቸዋል። እውነቱን የተናገሩት እሳቸው፣ የመጀመሪያው ቅጣት የደረሰው ለሳቸው! በዚህ ንዴት ሦስት ቀን እህል አልጣመኝም። እሳቸው ግን «ይገባኛል» ብለው ደረሰኙ ላይ ፈረሙ። መነጽራቸውን አድርገው።

ጠረጴዛዬ ላይ መጥሪያ ጠበቀኝ። ነገ፣ ሐሙስ፣ አራት ሰዓት፣ በአዲሱ ኮሚቴ ፊት።

ከሥራ ሰዓት በኋላ መዝገብ ቤቱ ውስጥ ብቻዬን ቀረሁ። ፋይሉ ቦርሳዬ ውስጥ ነበር። የአምሳል ቦታ ከመደርደሪያው ላይ ክፍት ነው፤ አንድ ጣት የሚያህል ክፍተት። ብሰካው አለቀ። «ይኸው፣ አልፈለጋችሁም እንጂ እዚሁ ነበር።» የወጪ መዝገቡን ገለጥኩት። የጥቅምት 8 ገጽ ከሥሩ አንድ መስመር ባዶ አለው። እስክሪብቶዬም ያው ሰማያዊው ነው። ስማቸውን፣ ሰዓቱን፣ «ለግልባጭ ወጣ» ብዬ ባሰፍር ማን ያያል?

እስክሪብቶውን ከባዶው መስመር ላይ ይዤ ቆየሁ። አያ ማሩ ያን ዕለት ጠላ ይዤ ስቆም የመለሱልኝ «የምታየኝ አለች» ጆሮዬ ላይ መጣ። ሁለት ወር ያህል የጮኽኩት፣ ያልተደረገውን በኋላ ተቀምጠው ቀን ሰጥተው ጻፉብኝ ብዬ አልነበረም?

ገጹን ገለበጥኩ። የዛሬውን ቀን ጻፍኩ። «ጥር 14። የአምሳል ሰጠኝ ፋይል ጥቅምት 8 ቀን ሳይመዘገብ በእኔ እጅ ወጥቶ፣ ጥር 8 ቀን በሙሉ ተመልሷል። ዓይናዲስ።» ፋይሉን ከመደርደሪያው አላስገባሁትም፤ ነገ በእጄ ይዤው እገባለሁ።

ግን ይህንንም እወቂ፤ ቃሌን ሲጽፉ ቆሜ አያለሁ፤ ሳላነብ አልፈርምም። መብራት ሲጠፋ ያለ ማሽን የተውንን ሁሉ እናገራለሁ። የአያ ማሩን ማስጠንቀቂያም አነሣለሁ፤ አልተጠየቅሽም ቢሉኝም አነሣለሁ። የጠየቁኝን፣ የመለስኩትንና የፈረዱብኝን፣ ቢያኮራኝም ቢያሳፍረኝም፣ ነገ ማታ በነገው ቀን ሥር ታገኚዋለሽ።